ስለ ጨዋታና ስለ ደመወዝ

በጉልበቱ ለሚያድር ወጣት፥ ለወላጆቹና ለተመልካቹ የተጻፈ ምክር



አናጢ ስለ ሠራው በር፥ ሸማኔ ስለ ሸመነው ጋቢ፥ መምህርም ስላስተማረው ትምህርት ዋጋ ቢቀበል የሚነቅፈው ሰው የለም። ለሠራተኛ የድካሙ ዋጋ የተገባ መሆኑን ሃይማኖትም ሕግም ይመሰክራሉ። ነገር ግን አንድ ወጣት ኳስ በመጫወት ደመወዝ ሊቀበል በተነሣ ጊዜ ሰዎች በሁለት ወገን ተከፍለው ይከራከራሉ። አንደኛው ወገን «ጨዋታ የልጅ ነገር ነው፤ በጨዋታ ቤት አይሠራም፤ ይልቅስ ትምህርቱን ይማር» ይላል። ሁለተኛውም ወገን «ዕድል አንድ ጊዜ ካመለጠች አትመለስም፤ ደብተሩን ጥሎ ይሂድ» ብሎ ይመልሳል። ሁለቱም ወገኖች ልጁን ይወዱታል፤ ነገር ግን ሁለቱም የነገሩን ግማሽ ብቻ አይተዋል። እንግዲህ በዚህች ጥቂት ጽሑፍ ነገሩን በሙሉ እንመርምረው፤ በችኰላም ሳይሆን በማስተዋል እንፍረድ።

፩። ጥያቄው ምንድር ነው?

በአዲስ አበባ ምዕራብ በኮልፌ ቀራንዮ የሚኖር ሰው ይህን ክርክር ሩቅ አገር ሄዶ መፈለግ አያስፈልገውም። ከአጠና ተራ እስከ አስኮ፥ ከአየር ጤና እስከ ቤቴል በየመንደሩ ቢመላለስ፥ ሕፃናት አሮጌ ካልሲ በጨርቅ ጠቅጥቀው ኳስ ሲሠሩ፥ ሁለት ድንጋይ አኑረው ግብ ሲያደርጉ፥ መኪና ሲመጣ ገለል ብለው መኪናው ሲያልፍ ጨዋታቸውን ሲቀጥሉ ያያል። የቀድሞው መስክ በብዙ ስፍራ ቤት ተሠርቶበታል፤ የልጆቹ ፍቅር ግን አልቀነሰም።

ከእነዚህ ልጆች መካከል እግሩ ከባልንጀሮቹ ሁሉ የሠለጠነ አንድ ልጅ አለ እንበል። በክረምቱ የሰፈር ውድድር ስሙ ይነሣል፤ ዐሥራ ሰባት ዓመት በሞላውም ጊዜ የክለብ ሰዎች ለሙከራ ይጠሩታል። የሙከራውም ወራት ከ12ኛ ክፍል ፈተና ጋራ ይገጥማል። እናቱ ጉሊት ተቀምጣ የምታገኘው ለቤት ኪራይና ለእህል አይበቃም፤ ታናናሾቹም ደብተር ይፈልጋሉ። በዚህ ጊዜ የሚያደርገውን ቢጠይቅህ፥ አንባቢ ሆይ፥ ምን ትመክረዋለህ? «ደመወዙን ተው» ብትለው የቤቱን ረኃብ አልተካፈልህለትም። «ትምህርቱን ተው» ብትለው ደግሞ ጉልበቱ ባለቀ ጊዜ አጠገቡ አትገኝም። ስለዚህ ከመምከርህ በፊት በዚህ መንገድ አስቀድመው የሄዱትን ሰዎች ብትመለከት ይሻላል።

፪። ያለ ደመወዝ ስለ ተጫወቱ ሰዎች

በአገራችን የእግር ኳስ ታሪክ ስማቸው ከሁሉ አስቀድሞ የሚነሣው አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው። በ1914 ዓ.ም. በጅማ ተወለዱ፤ አባታቸውም በቅኔያቸውና በዜማቸው የታወቁት ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ናቸው። የቅዱስ ጊዮርጊስ ክለብ በ1928 ዓ.ም. በተመሠረተ ጊዜ ይድነቃቸው ገና ተማሪ ነበሩ፤ ከዚያም ጀምሮ ከሃያ ዓመት በላይ ለዚሁ ለአንዱ ክለብ ተጫወቱ። በዚያ ዘመን በአገራችን በኳስ ብቻ የሚተዳደር ሰው አልነበረም። ተጫዋቹ ቀኑን በትምህርት ወይም በሥራ ይውላል፤ ወደ ማታ መስክ ይወርዳል፤ በእሑድም ቀን ስለ ክለቡ ክብር ይጋጠማል። የሚያገኘው ዋጋ የወገኑ እልልታና የባልንጀሮቹ ፍቅር ነበረ።

በጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ኢትዮጵያ በአዲስ አበባ ስታዲየም የግብፅን ቡድን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ የወሰደችው እንዲህ ባሉ ሰዎች ነው። ከአሠልጣኞቹ አንዱ ይኸው ይድነቃቸው ነበሩ። የመጨረሻዋን ግብ ያገባው የቅዱስ ጊዮርጊሱ መንግሥቱ ወርቁ፥ ዋንጫውንም ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ የተቀበለው አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ ነበረ። ሉቺያኖ በሙያው መካኒክ ነው። ይህን ነገር በልብህ ያዝ፤ ኋላ እንመለስበታለንና።

አቶ ይድነቃቸው መጫወትን በተዉ ጊዜ ሥራቸው አላለቀም። በ1949 ዓ.ም. በካርቱም የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን ሲመሠረት ከመሥራቾቹ አንዱ ነበሩ፤ ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮም በ1979 ዓ.ም. እስካረፉበት ቀን ድረስ ፕሬዚዳንቱ ሆነው አገለገሉ። የደቡብ አፍሪካ መንግሥት ጥቍርና ነጭ ለይቶ ሊያጫውት በፈለገ ጊዜ፥ ዘር ከሚለይ ጋራ አንጫወትም ብለው ከተሟገቱት ግንባር ቀደም ነበሩ። የመጠጥና የትምባሆ ነጋዴዎችም የአፍሪካን ጨዋታ የሸቀጣቸው ማስታወቂያ እንዳያደርጉት ይቃወሙ ነበር፤ ኳሱ ገንዘብ ሳያስፈልገው ቀርቶ አይደለም፤ ወጣቱን ሊያጠነክር የተሠራ መስክ ወጣቱን የሚያሰክር ነገር እንዲሸጥበት ስላልወደዱ ነው እንጂ።

ከዚህ ምን እንማራለን? ጨዋታ ያለ ደመወዝ ሊወደድ እንደሚችል፥ ደግሞም ገንዘብ በቀረበ ጊዜ እንኳ የማይሸጥ ነገር እንዳለ እንማራለን።

፫። እንግዲህ ደመወዝ መቀበል ነውር ነውን?

ይህን ታሪክ ሰምቶ «እንግዲያስ የዛሬዎቹ ተጫዋቾች ለገንዘብ የተገዙ ናቸው፤ የቀደሙት ግን ንጹሓን ነበሩ» የሚል ሰው ይኖራል። ወዳጄ ሆይ፥ እንዲህ ብሎ ለመፍረድ አትቸኵል። ያለ ደመወዝ መጫወት የሚችለው እንጀራውን ከሌላ ስፍራ የሚያገኝ ሰው ነው። የመንግሥት ሥራ ያለው፥ ወይም አባቱ የሚያበላው ሰው «ስለ ፍቅር ብቻ እጫወታለሁ» ቢል መልካም ተናገረ፤ ነገር ግን ቤቱ የተራበውን ሰው በዚያው ሚዛን ሊመዝነው አይገባም።

ይህ ሚዛን ምን ያህል ሊያዳላ እንደሚችል በአሜሪካ የተደረገ አንድ ነገር ያስረዳል። ጂም ቶርፕ የሚባል፥ ከአሜሪካ ቀደምት ነገዶች ከአንዱ የተወለደ ወጣት ነበረ። በካርላይል የሕንዶች ትምህርት ቤት ሲማር በአሜሪካው የእግር ኳስ ስሙ በአገሩ ሁሉ ተሰማ። በአውሮፓ አቈጣጠር በ1912 ዓ.ም. በስቶክሆልም ኦሊምፒክ በአምስቱና በዐሥሩ የአትሌቲክስ ውድድሮች አንደኛ ወጣ። በማግሥቱ ዓመት ግን ሜዳልያዎቹ ተወሰዱበት። ጥፋቱ ምን ነበረ? በ1909 እና በ1910 በክረምት ዕረፍቱ ቤዝቦል ተጫውቶ ጥቂት ደመወዝ መቀበሉ ነው። በዚያ ዘመን ብዙ የኮሌጅ ተማሪዎች እንዲህ ያደርጉ ነበር፤ ብልሆቹ ግን ስማቸውን ለውጠው ነበር የሚጫወቱት። ቶርፕ በእውነተኛ ስሙ በመጫወቱ ተገኘበት። በኋላም ደመወዝ በሚከፈልበት የእግር ኳስ ተጫወተ፤ በ1920 የተመሠረተውም የክለቦች ማኅበር የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት አደረገው። በስተርጅናው ግን ባገኘው ሥራ ሁሉ እየተንከራተተ በችግር ኖሮ በ1953 ሞተ። በ1982 ዳኞቹ ሐሳባቸውን ለውጠው ክብሩን ከሌሎች ጋራ እንዲካፈል አደረጉ፤ በ2022 ብቻ ነው ያለ ተካፋይ አንደኛ ተብሎ የተጻፈለት። እርሱ ከሞተ ያን ጊዜ ስድሳ ዘጠኝ ዓመት ሆኖት ነበር።

እንግዲህ አስተውል። ስሙን የደበቀው ዳነ፤ ስሙን ያልደበቀው ተቀጣ። ድኻው ስለ ትንሽ ደመወዝ «ረከስህ» ሲባል፥ ስታዲየሙን ሞልተው ገንዘብ የሰበሰቡት ግን ንጹሓን ተባሉ። በአሜሪካ ዩኒቨርሲቲዎች ይህ ነገር ለብዙ ዘመን ቈየ፤ ተማሪዎቹ በስማቸውና በመልካቸው ገንዘብ ማግኘት የተፈቀደላቸው ከ2021 ወዲህ ነው። የኦሊምፒክ ደንብም ቢሆን ካለፈው መቶ ዓመት ፍጻሜ አስቀድሞ ተሻሽሎ፥ ደመወዝ የተቀበለ ሰው እንዳይወዳደር መከልከሉ በአብዛኛው ቀርቷል። እንግዲህ ደመወዝ በራሱ ነውር ቢሆን ኖሮ ሕግ ሲለወጥ ነውርነቱ ባልተለወጠም ነበር።

በአገራችንም ከ1990 ዓ.ም. ጀምሮ የፕሪምየር ሊግ ውድድር ከተቋቋመ ወዲህ በእግር ኳስ የሚተዳደሩ ወጣቶች ብዙዎች ናቸው። ወደ ውጭ አገርም የሄዱ አሉ፤ ከእነርሱም ፍቅሩ ተፈራ በደቡብ አፍሪካና በሌሎችም አገሮች ተጫውቶ፥ በ2007 ዓ.ም. መጀመሪያ በሕንድ አገር የተቋቋመው አዲስ ሊግ ሲከፈት የመጀመሪያዋን ግብ ያገባ እርሱ ነው። በላቡ እንጀራ የበላ ሰው ነው፤ በዚህም ሊከበር ይገባዋል።

ስለዚህ የምንጠይቀው ጥያቄ «ደመወዝ ተቀበለን?» የሚል አይሁን። «በደመወዙ ምን ሸጠ? ምንስ ገዛበት?» የሚል ይሁን። ይህንም ጥያቄ በሚገባ የሚመልስልን የአንድ ተማሪ ታሪክ አለ።

፬። ለጥቂት ዘመን ደመወዝ ስለ ተቀበለው ተማሪ

የአሜሪካ ሰዎች እግር ኳስ ብለው የሚጠሩት ጨዋታ ከእኛው የተለየ ነው። ኳሱ እንደ እንቍላል ሞላላ ነው፤ በእጅ ይዘውት ይሮጣሉ፥ ይወረውሩታልም፤ ተጋጣሚውም ኳሱን የያዘውን ሰው ይዞ መሬት ላይ ይጥለዋል። ዛሬ ኳርተርባክ የሚባለው ሰው ኳሱን አስቀድሞ ተቀብሎ ለማን እንደሚሰጥ የሚቈርጥ የቡድን መሪ ነው። በቀድሞው አሰላለፍ ግን ኳሱን ተቀብሎ የሚሮጠውም የሚወረውረውም አንድ ሰው ነበረ። ባይረን ዋይት የሚባለው የኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ እንዲህ ያለ ተጫዋች ነበረ።

ይህ ልጅ በ1917 ተወለደ። ያደገው የስኳር ሥር በሚታረስባት በዌሊንግተን በምትባል ትንሽ ከተማ ነው፤ በልጅነቱም በዚያው እርሻ እየተቀጠረ ይሠራ ነበር። በ1938 ትምህርቱን ሲፈጽም ከጓደኞቹ አንደኛ ወጣ፤ በኳስም ከአገሩ ተማሪዎች ሁሉ ከታወቁት አንዱ ነበረ። በዚያን ጊዜ ሁለት ነገር በአንድነት ቀረበለት። አንደኛው በእንግሊዝ አገር በኦክስፎርድ እንዲማር የተሰጠው የሮድስ ስኮላርሺፕ ነው። ሁለተኛው የፒትስበርግ ከተማ ክለብ ያቀረበለት ወደ 15,000 ዶላር የሚያህል የአንድ ዓመት ደመወዝ ነው፤ በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ደመወዝ የተከፈለው ተጫዋች አልነበረም።

አንባቢ ሆይ፥ የእኛው የኮልፌ ልጅ የቆመበት መንታ መንገድ ይህ አይደለምን? ደብተር በአንድ ወገን፥ ደመወዝ በሌላ ወገን። ዋይት መጀመሪያ ገንዘቡን ትቶ ወደ ትምህርቱ ሊሄድ አስቦ ነበር። ከዚያ በኋላ ግን ኦክስፎርድ እስከ ጥር 1939 ድረስ ዘግይቶ እንዲመጣ ስለ ፈቀደለት ያንን አንዱን ወራት ተጫወተ። ቡድኑ ከ11 ግጥሚያ 2 ብቻ ያሸነፈ ደካማ ቡድን ነበረ፤ እርሱ ግን ኳስ ይዞ በመሮጥ ከማኅበሩ ተጫዋቾች ሁሉ በለጠ። ወራቱም በተፈጸመ ጊዜ በሰጠው ቃል መሠረት መርከብ ተሳፍሮ ወደ ትምህርቱ ሄደ። ጦርነት ሲነሣ ወደ አገሩ ተመልሶ በየል ዩኒቨርሲቲ ሕግ መማር ጀመረ፤ በ1940 እና በ1941 ደግሞ ለዲትሮይት ክለብ እየተጫወተ በደመወዙ ለትምህርቱ ተረዳ። ከዚያም በባሕር ኃይል ዘምቶ ተመለሰ፤ በ1946 ሕጉን ፈጸመ። ሦስት ወራት ብቻ ተጫውቶ ኳስን ተወ። በ1962 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ሆነ፤ እስከ 1993 ድረስም 31 ዓመት ፈረደ። በ2002 ሞተ።

በተጫዋችነቱ ዘመን ጋዜጠኞች ስለ ፍጥነቱ አንድ የቅጽል ስም አውጥተውለት ነበር፤ እርሱ ግን ስሙን ከቶ አልወደደውም። ይህ ትንሽ ነገር ሊመስልህ ይችላል። ነገር ግን ሰው በሃያ ዓመቱ የተሰጠውን ስም እስከ ሰማንያ ዓመቱ ተሸክሞ ከመኖር የተሻለ ነገር እንዳለ ያመለክታል።

እንግዲህ ይህ ሰው ደመወዝ በመቀበሉ ረከሰን? አልረከሰም። ትምህርቱን በመምረጡስ ጨዋታን ናቀን? አልናቀም፤ በተጫወተበት ወራት ሁሉ በሙሉ ኃይሉ ተጫውቷልና። ሸጠ ከተባለ የሸጠው የጥቂት ወራት ጉልበቱን ነው፤ የገዛበትም ጉልበት ከለቀቀ በኋላ የሚቈይ ነገር ነው። አጭሩን ዘመን ለረጅሙ ዘመን አገልጋይ አደረገው። ጥፋት የሚሆነው ይህ ሲገለበጥ ነው፤ ይኸውም ረጅሙ ዕድሜ ለአጭሩ ዘመን ሲሠዋ።

«እርሱ ግን በመክሊት ላይ መክሊት የተጨመረለት ሰው ነው፤ ለእኛ ልጅ ኦክስፎርድ አይጠብቀውም» ትል ይሆናል። እውነት ነው። ስለዚህ የኳሱ ዋንጫ ይድረሰን እያልሁ የዳኝነቱን ወንበር አላሳይህም። ወደ ሉቺያኖ ቫሳሎ እንመለስ ብያለሁና ወደ እርሳቸው እንመለስ። የአፍሪካን ዋንጫ በእጃቸው ያነሡት እኚህ ሰው በደርግ ዘመን አገር ለቀው ወደ ኢጣልያ በተሰደዱ ጊዜ፥ ዋንጫው አላበላቸውም፤ ያበላቸው በልጅነታቸው የተማሩት የመካኒክነት ሙያ ነው። በሰው አገር ጋራዥ ከፍተው ኖሩ፤ በ2015 ዓ.ም. መጀመሪያ ዐረፉ። የልጁ ሁለተኛ እንጀራ የግድ የሕግ ዲግሪ መሆን አያስፈልገውም፤ መፍቻ ቢሆንም ይበቃል። ሁለተኛ እንጀራ መኖሩ ግን ግድ ነው።

፭። ጉልበት ያለቀ ዕለት

አበው «ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል» ብለዋል። ስለ ችኰላ የተነገረ ምሳሌ ነው፤ ነገር ግን በሩጫው መካከል መታጠቂያው ስለሚፈታበት ሰው ሁሉ ይሠራል። የኳስ ተጫዋች ዘመን አብዛኛውን ጊዜ ከዐሥራ አምስት ዓመት አይበልጥም፤ ብዙዎች ግን ይህን ያህል አይቈዩም። አንድ ክፉ ግጭት የጉልበትን ጅማት ይበጥሳል፤ አዲስ አሠልጣኝ ይመጣና «አትፈለግም» ይላል፤ ወይም ክለቡ ራሱ ገንዘብ አጥቶ ይፈርሳል። ሌላው ሠራተኛ ሙያው በሚበስልበት በሠላሳ አምስት ዓመቱ የኳስ ተጫዋች ሥራው ያልቅበታል። ገናም ሠላሳ ዓመት ሊኖር ይችላል። ይህን ሠላሳ ዓመት ማን ሆኖ ይኖረዋል?

ጉልበቱን አጥቶ ራሱን ያላጣ ሰው ለማየት ብትፈልግ ሻምበል አበበ ቢቂላን አስብ። በ1952 ዓ.ም. በሮማ በባዶ እግሩ፥ በ1957 ዓ.ም. ደግሞ በቶኪዮ ማራቶንን አሸነፈ። በመጋቢት 1961 ዓ.ም. በመኪና አደጋ ከወገቡ በታች ሽባ ሆነ። ዓለም ሁሉ የሚያውቃቸው እግሮች ከዚያ ወዲያ አላገለገሉትም። ነገር ግን በ1962 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በተደረገው የአካል ጉዳተኞች ውድድር በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ ቀስት ሲወረውር ታየ። በ1966 ዓ.ም. መጀመሪያ ዐረፈ። በዚያ ወንበር ላይ ደመወዝም ወርቅም አልነበረም፤ ሰውየው ግን ነበረ። ጨዋታ ከሰው ላይ ሊያበቅለው የሚገባው እንዲህ ያለ ባሕርይ ነው፤ ይኸውም ትዕግሥት፥ ሥርዐት ማክበር፥ ተሸንፎ አለመማረር፥ ከወደቁበት መነሣት። ይህ ከበቀለ ጉልበት ሲያልቅ አያልቅም። ይህ ካልበቀለ ግን ደመወዙ ቢበዛም ሰውየው ባዶውን ቀርቷል።

፮። ምክር

አንተ ወጣት ሆይ፥ ለሙከራ በተጠራህ ጊዜ ሂድ። ለእናትህ እንጀራ ማምጣት ነውር ነው የሚልህን አትስማ። ነገር ግን ከመፈረምህ በፊት ሦስት ጥያቄ ራስህን ጠይቅ።

አንደኛ፤ ነገ ኳስ ቢወሰድብኝ ማን ነኝ? መልስ ካጣህ፥ የፈተናህን ቀን ለሙከራ አትለውጥ። ለፈተናው ተቀምጠህ ሙከራውን በሌላ ቀን ጠይቅ፤ በውነት የሚፈልግህ ክለብ አንድ ሳምንት ይታገሥሃል። የማይታገሥህም ከሆነ፥ እግርህ በተሰበረ ቀን ምን ያህል እንደሚታገሥህ ከዚህ ዕወቀው። ከፈረምህም በኋላ ቢሆን በማታ ትምህርትም ሆነ በሙያ ትምህርት ቤት አንዳች ነገር ከመማር አታቋርጥ። ተጫዋች ከልምምድ በኋላ ብዙ ሰዓት አለው፤ ብዙዎችም የጠፉት በልምምዱ ሰዓት ሳይሆን በዚህ ሰዓት ነው።

ሁለተኛ፤ የምሸጠው ምንድር ነው? ጉልበትህንና ጊዜህን ብትሸጥ ሠራተኛ ነህ። ስምህን ብትሸጥ ግን፥ ይኸውም ዕድሜህን ቀንሰህ ብትናገር፥ ገንዘብ ተቀብለህ ግጥሚያ ብትለቅ፥ ኃይል የሚሰጥ የተከለከለ መድኃኒት ብትወስድ፥ ያን ጊዜ ደመወዝ ሳይሆን የራስህን ዋጋ ተቀብለሃል። የተሸጠውን ጉልበት ዕረፍትና እንቅልፍ ይመልሰዋል፤ የተሸጠው ስም ግን በቀላሉ አይመለስም።

ሦስተኛ፤ በውሉ ላይ የተጻፈው ምንድር ነው? ሳታነብ አትፈርም፤ ካልገባህም የሚያውቅ ሰው አስነብብ። ስንት ዓመት እንደሚያስርህ፥ ብትጐዳ የሚያሳክምህ ማን እንደ ሆነ፥ ደመወዝህ በሕመምህ ወራት ይከፈል እንደ ሆነ ዕወቅ። «ውጭ አገር ክለብ አስገባሃለሁ፤ አስቀድመህ ገንዘብ ክፈል» የሚልህን ደላላ ከቶ አትከተል። በውነት የሚፈልግህ ክለብ ይከፍልሃል እንጂ አያስከፍልህም። በእንዲህ ያለ ቃል ተታለው የእናታቸውን ዕቁብ ከፍለው በሰው አገር የተጣሉ የአፍሪካ ልጆች ጥቂቶች አይደሉም።

እናንተ አባቶችና እናቶች፥ የቤቱን ችግር ሁሉ በአንድ ልጅ ጉልበት ላይ አትጫኑት። ልጁ ካሸነፈ «ልጃችን»፥ ከተሸነፈ «ሰነፍ» አትበሉት። ደመወዙን ባመጣ ጊዜ ሁሉንም አትብሉት፤ ከየወሩ ጥቂት አስቀምጡለት፤ የእርሱ መከር እንደ ሌላው ሰው በየዓመቱ የሚመለስ አይደለምና።

እናንተ ክለብ የምትመሩ ሰዎች፥ ከትምህርት ቤት ያወጣችሁትን ልጅ ወደ ትምህርት የመመለስ ዕዳ አለባችሁ። የዐሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ተቀብላችሁ በሃያ ሁለት ዓመቱ አንካሳ አድርጋችሁ ብትሰዱት፥ ደመወዙን በወቅቱ ከፍያለሁ ማለት ከዕዳው አያወጣችሁም። ፈረስ እንኳ ሲያረጅ ጌታው ገለባ አይነፍገውም።

አንተም በመደዳ ወንበር ተቀምጠህ የምትመለከት፥ ከዚህ ነገር ነጻ አይደለህም። በእሑድ ያጨበጨብህለትን ልጅ በሚቀጥለው እሑድ እናቱን እየጠራህ ብትሰድበው፥ ሰውን እንደ ዕቃ ከሚሸጥና ከሚገዛው ተባባሪ ሆነሃል። ተጫዋቹ ደመወዝ ስለሚቀበል ክብሩን አልሸጠልህም። በመንገድ ላይም እያነከሰ ሲያልፍ ብታገኘው፥ «እገሌ እኮ ነበር» ብለህ አትለፈው፤ ሰላምታ ስጠው፥ አሁን ስለሚሠራው ሥራ ጠይቀው። ሰው ሕያው ሳለ «ነበር» መባል ከሞት አስቀድሞ የሚመጣ ቀብር ነው።

አንባቢ ሆይ፥ መክሊት ተቀብሎ በመሬት የቀበረውን ሰው ታሪክ ታውቃለህ። በእግርና በክንድ የተሰጠ ችሎታም መክሊት ነው፤ ስለ ፍርሀት መቅበሩ አይገባም። ነገር ግን መክሊቱ ብድር ነው፤ የጉልበት መክሊት ደግሞ ከሌላው ሁሉ አስቀድሞ ይጠየቃል። ስለዚህ በቤትህ ወይም በጎረቤትህ እንዲህ ያለ ልጅ ካለ፥ ዛሬ ማታ ስለ ግቦቹ ብቻ አትጠይቀው። ፈተናው መቼ እንደ ሆነ፥ ከኳስ ሌላ ምን መሥራት እንደሚወድ ጠይቀው፤ ለዚያም የሚያስፈልገውን መጽሐፍ ወይም መሣሪያ የሚያገኝበትን መንገድ ከእርሱ ጋራ ሆነህ ፈልግለት።